አህያዋ ግን ቀረች

ባለፈው ሳምንት ታናሽ ወንድሜ ደምሴ መድረክ ላይ ቆሞ ሲናገር ሰማሁትና ደሜ ፈላ። ቦታው ዳውንታውን ካልጋሪ፣ ከረጃጅሞቹ የነዳጅ ኩባንያ ሕንጻዎች በአንዱ ሥር ያለ አዳራሽ ነበር። በጦርነት ጊዜ አይሁዶችን ደብቀው ያተረፉ ተራ ሰዎች የሚታሰቡበት ዝግጅት ነው። ከአውሮፓ የመጡ ሽማግሌዎች ስለ አባቶቻቸው ጎተራና ስለ እናቶቻቸው ጓዳ ከተናገሩ በኋላ የእኛ ተራ ደረሰ። ደምሴ ለልጁ ሠርግ የገዛውን ሱፍ ለብሶ ወጣ፤ ጉሮሮውን ጠርጎ ጀመረ።

አባታችን በደርግ ጊዜ፣ ጎንደር ገጠር ውስጥ፣ ወደ ሱዳን ሊሻገሩ የተነሱ ሦስት ቤተ እስራኤላውያንን በከብት በረቱ ደብቆ ክረምቱን ሙሉ አኖራቸው አለ። ሲሄዱ የተዉትን አህያ እንኳ እስክትሞት ድረስ ተንከባከበላቸው አለ። የልጄ ልጅ ሶልያና አጠገቡ ቆማ ወደ እንግሊዝኛ ትመልሳለች። ሰዉ ብድግ ብሎ አጨበጨበ። ከፊቴ የተቀመጡ አንዲት ነጭ አሮጊት መሐረባቸውን አወጡ። ደምሴ በእጁ እያመለከተኝ “እህቴም ምስክር ናት” ሲል አዳራሹ ሁሉ ዞሮ አየኝ፤ እኔም ፈገግ አልኩ። ያ ፈገግታዬ ነው እስካሁን የሚያቃጥለኝ።

የቀረበውን ዶናት ሳልነካ ወጥቼ በባቡር ወደ ቤቴ ወደ ካስልሪጅ ተመለስኩ። ጠዋት ስለዘነበ የግቢያችን ሣር ርሷል። ልጄ ካጨደው ሁለት ሳምንት አልፎት ስለነበር በየመሃሉ ማገጥ ብቅ ብሏል፤ ያ ሦስት ሦስት ቅጠል ያለው፣ ነጭ አበባ የሚያወጣው። የዚህ አገር ሰው አረም ነው ብሎ መድኃኒት ይረጭበታል። እኔ ቁልፌን ይዤ በር ላይ ቆሜ ማገጡን ሳይ ቆየሁ።

ያን ጊዜ አሥራ ሰባት ዓመቴ ነበር። ቤተ እስራኤል እንደኛው አማርኛ የሚናገሩ፣ ኦሪትን የሚጠብቁ አይሁዶች ናቸው። በአካባቢያችን ብረት የሚቀጠቅጡት፣ ድስትና ገንቦ የሚሠሩት እነሱ ነበሩ። በሰፈራችን የሚጠሩበት ሌላ ስም ነበር፤ እዚህ አልጽፈውም። ከዚያም የባሰ ነበር። ቡዳ ናቸው፣ ዓይናቸው ሰውና ከብት ይበላል፣ ሲመሽ ጅብ ይሆናሉ ይባላል። በእነሱ ማረሻ አርሰን፣ በእነሱ ድስት ወጥ ሠርተን እየበላን ነበር እንግዲህ ይህን የምንለው።

አያ ጫኔ የአባባን ማረሻ ከልጅነቱ ጀምሮ የቀጠቀጡለት ሰው ናቸው። ሚስታቸው እትዬ ወርቄ ሸክላ ሠሪ ናቸው። ልጃቸው ስንዱ በዕድሜ ከእኔ ብዙም አትበልጥም፤ አግብታ የሰባት ወር እርጉዝ ነበረች። ባሏ ቀድሞ ሱዳን ገብቷል። ሊከተሉት ሦስቱም ቤታቸውን ዘግተው ቢነሱ መንገድ መሪያቸው ወንዙ ሞልቷል ብሎ ግማሽ መንገድ ላይ ጥሏቸው ጠፋ። ተመልሰው ቤታቸው እንዳይገቡ የገበሬ ማኅበሩ ሊቀመንበር አሽጎታል። ሊሸሽ ሲል የተያዘ ሰው ይታሰር ነበር፤ በዚያ ዘመን ደግሞ የታሰረ ሁሉ አይወጣም። በሐምሌ መጨረሻ፣ ጉም መሬት በያዘበት ጠዋት፣ ከጓሯችን በኩል አንዲት ግራጫ አህያ ይዘው ቆመው አገኘናቸው።

አባባ ብዙም አላሰበ። መስከረም ጠብቶ ወንዙ እስኪጎድል እዚሁ ትቆያላችሁ ብሎ ከበረቱ ጀርባ ገለባ የምናስቀምጥበትን ክፍል ከፈተላቸው። እዚህ ድረስ ደምሴ እውነቱን ነው። አባባ ያን ቀን አልፈራም።

ደምሴ ያን ጊዜ የስድስት ዓመት ልጅ ስለነበር የሚያስታውሰው አህያዋን ነው። እህል የማመላልሰው ግን እኔ ነበርኩ። የእኛን እንጀራ አይበሉም፤ እኛም የእነሱን እርድ አንበላም። ሕጋቸው ከእኛ ጋር መነካካትንም ይከለክላል፤ ከተነካኩ ወንዝ ወርደው መታጠብ አለባቸው፣ ወንዝ ደግሞ መውረድ አይችሉም። ስለዚህ ሽምብራውን መሬት ላይ አስቀምጬ ዞር እላለሁ፣ እትዬ ወርቄ ያነሱታል። እሳት የሚያነዱት የእኛ ጓዳ ጭስ ሲነሳ ብቻ ነው፤ ከውጭ ያየ ሰው አንድ ጭስ እንዲመስለው። ቅዳሜ ቅዳሜ ከነጭራሹ አያነዱም። ውሃ ውስጥ ያደረ ሽምብራ ሲቆረጥሙ ድምፁ በግድግዳው በኩል ይሰማኝ ነበር።

አያ ጫኔ ሥራ ፈትተው መቀመጥ አልቻሉም። የላማችንን የተሰነጠቀ ሰኮና አበጁ፤ ፍየሏ ስትወልድ የተጣመመውን ግልገል አስተካክለው አወጡ። ከብቶቻችን እንደዚያ ክረምት ጤነኛ ሆነው አያውቁም። እናቴ በረት ስትገባ ግን ነጠላዋን ፊቷ ላይ ትጥል ነበር። ሰዎቹን ትወዳቸዋለች፣ ዓይናቸውን ትፈራለች። ይህ እንዴት እንደሚሆን ለሶልያና ሳስረዳት ግራ ገባት፤ እኔም ዛሬ ሳስበው ይገባኛል አልልም።

ፍልሰታ ጾም በገባ ሰሞን ነው ነገሩ የተበላሸው። ጠዋት በሬዎቹን ሣር አብልቼ እንድመልስ ተልኬ ከበረቱ ጀርባ ለቀቅኳቸውና ከግድግዳው ሥር ተቀምጬ ከስንዱ ጋር ወሬ ያዝኩ። እሷ በውስጥ፣ እኔ በውጭ፣ በምርጊቱ ስንጥቅ በኩል ነው የምናወራው። ልጇ ሴት ከሆነች ምን ብላ እንደምትጠራት እየነገረችኝ እያለ ድንገት አቋረጠችና “ጥሩዬ፣ ዳልቻ ማገጥ ውስጥ ገባ” አለችኝ። ዳልቻ ከሁለቱ በሬዎቻችን ትልቁ ነው። ርጥብ ማገጥ በባዶ ሆድ የበላ በሬ እንደሚነፋ ማንም የገበሬ ልጅ ያውቃል። እኔም አውቃለሁ። ጭቃ ነው፣ ካፊያው ይመታል፣ ወሬው ደግሞ ጣፍጦኛል። ትንሽ ይብላ ምን ይሆናል ብያት እዚያው ተቀመጥኩ።

ረፋዱ ላይ ዳልቻ ወደቀ። ሆዱ እንደ ከበሮ ተነፍቷል፤ ምላሱን አውጥቶ ያጣጥራል። አጎቴ ሞገስ፣ ቤቱ ከእኛ አጥር ጋር የተያያዘው፣ የሰዎቹን መደበቅም የሚያውቀው፣ እየሮጠ መጣ። አባባ ራሱን ይዞ ቆሟል። በዚያ በድርቅ ዘመን በክረምት አንድ በሬ መሞት የዓመቱ እህል መሞት ነው። ያኔ አያ ጫኔ ማንም ሳይጠራቸው፣ ማን እንደሚያያቸው ሳይጨነቁ፣ ከተደበቁበት ወጡ። በሬውን ዳበሱት፤ በግራ ጎኑ ከመጨረሻው የጎን አጥንት በስተኋላ በጣታቸው ለኩ፤ በካራ ጫፍ ወጉትና የመቃ ቁራጭ ሰኩበት። አየሩ እየፏጨ ወጣ። ሽታው እስካሁን አፍንጫዬ ውስጥ አለ። ብዙም ሳይቆይ ዳልቻ ተነስቶ ቆመ።

ቢያንስ አንድ ሰው እግዜር ይስጥልኝ ይላል ብላችሁ ትጠብቁ ይሆናል። አጎቴ ሞገስ “ራሱ ባይበላው ቦታውን በምን አወቀው?” አለ። ያዳኑበት እጅ ለክፋታቸው ማስረጃ ሆነ። ቡዳ የበላውን ራሱ ይመልሳል ይባል የለ? አጎቴ ለእናቴ፣ እናቴ ለአጎቴ ራስ እየነቀነቁ ተስማሙ። አያ ጫኔ ግን ቀስ ብለው “ማገጥ ነው የበላው፣ ሌላ ነገር የለውም” አሉ።

አባባ ወደ እኔ ዞረ። ዓይኑን አስታውሳለሁ፤ እየለመነኝ ነበር። አዎ እንድለው ፈልጎ ነበር። “ጥሩዬ፣ ማገጥ ውስጥ አስገብተሻቸዋል?” አለኝ።

“አላስገባሁም” አልኩት።

ለምን እንደዋሸሁ ብዙ ሰበብ ልደረድር እችላለሁ። ልጅ ነበርኩ፣ ዱላ ፈርቼ ነበር። ሁሉም እውነት ነው፣ አንዱም አይበቃም። አባባ በሕይወቱ አንዴም አልመታኝም። አጎቴ ሰዎቹ ሳይወጡ ፍልሰታ ከተፈታ ለሊቀመንበሩ እናገራለሁ አለ። ታጣቂ ቢመጣ በሩ ላይ ይሞት የነበረው አባቴ ለወንድሙ ምላስ ተሸነፈ። በዚህም እናደዳለሁ፤ ብታገሰው ይገባኛል ብዬ ለሃያ ዓመት ሞከርኩ፣ አልሆነልኝም። ልፈርድበት ስነሳ ደግሞ ያ ለማኝ ዓይኑ ይመጣብኛል።

እሑድ ጠዋት፣ ሰፈሩ ሁሉ ቅዳሴ ላይ እያለ ወጡ። ዝናቡ አላባራም፤ የወንዙ ድምፅ ከሩቅ ይሰማል። አባባ ጥሬ ሽምብራና ገብስ ሰጣቸው። አህያዋ በዚያ ጎርፍ ስለማትሻገር ትቅር አሉ። አያ ጫኔ ዳልቻን እየዳበሱ ቁስሉን ለሦስት ቀን በሞቀ ውሃ እጠቡለት ብለው አባባን አደራ አሉት። ስንዱ ሆዷን በአንድ እጇ ደግፋ የአህያዋን ገመድ ይዛ ወደ እኔ መጣች። እንደ ሕጉ መሬት ላይ ትጥለዋለች ብዬ ስጠብቅ እጄን ይዛ መዳፌ ላይ አስቀመጠችው። ሃያ ሁለት ቀን ሙሉ አንዴም ነክታኝ አታውቅም ነበር።

“ማገጥ እንዳታበያት” አለችኝ።

ዳልቻ የወደቀ ቀን በስንጥቁ በኩል ሁሉን አይታለች፤ ስዋሽም ሰምታለች። መናገር ትችል ነበር፤ የሚያምናት ባይኖርም መናገር ትችል ነበር። ዝም ብላ ሰባት ወር ያለፈው ሆዷን ይዛ ወደ ሞላው ወንዝ ሄደች። መድረሳቸውን እስከዛሬ አላወቅኩም። ከእስራኤል የሚመጣ ቪዲዮ ባየሁ ቁጥር ፊት እፈልጋለሁ፤ ስንዱ ለልጇ የመረጠችውን ስም የያዘች ሴት ባየሁ ቁጥር ዕድሜዋን አሰላለሁ። አባባ ከዚያ ቀን በኋላ ቤተ ክርስቲያን ውስጥ አልገባም፤ እስኪሞት ድረስ ከቅጥሩ በር ላይ ቆሞ ነበር የሚያስቀድሰው። ሰዉ ትሕትና ነው ይለው ነበር።

አህያዋን ማገጥ አላበላኋትም። እኔ አግብቼ ከወጣሁ በኋላም ስንዱ በተኛችበት ገለባ ላይ ተኝታ ኖረች። ስትሞት አባባ ጅብ እንዳይበላት ብሎ ጥልቅ ጉድጓድ ቆፍሮ ቀበራት። ደምሴ ይህንን መድረክ ላይ ሲናገር ነው ሰዉ ይበልጥ ያጨበጨበው።

ትናንት ከቤተ ክርስቲያን መልስ ደምሴ ሶልያናን ይዞ እኔ ቤት መጣ። አዘጋጆቹ የአባባን ፎቶ ግድግዳ ላይ ሊሰቅሉት ስለሆነ ከሥሩ የሚጻፍ አጭር ጽሑፍ ጠይቀዋል። ሶልያና ደምሴ መድረክ ላይ ያለውን የጻፈችበትን ላፕቶፗን ከፍታ ተቀመጠች። ደምሴ ሁለት መስመር ጨምሪበት አለኝ። እኔም ከላይ የጻፍኩትን ሁሉ ነገርኩት፤ ማገጡን፣ ውሸቴን፣ ገመዱን። ምሳው ቀዘቀዘ። ደምሴ ቀስ በቀስ ፊቱ ጠቆረ።

“እትዬ፣ ሰዎቹ አባባን አክብረውልናል” አለኝ። “አሁን ይህንን ማንሳት ማንን ይጠቅማል?”

“አባባን አይጠቅምም፣ እኔንም አይጠቅምም” አልኩት። “አንተ ልጅ ነበርክ፣ አልፈርድብህም። ግን ያጨበጨቡልህ ስንዱ ሳትኖር ነው። እሷ አዳራሹ ውስጥ ብትኖር አንተ ይህንን ታወራ ነበር?”

ሶልያና አንዴ እሱን አንዴ እኔን አይታ “ዌይት፣ እማማ። ታዲያ፣ ላይክ፣ እኛ ባድ ጋይስ ነን?” አለች።

ምን ልበላት? አባባ በሩን መክፈቱ እውነት ነው፤ አይሰረዝም። መልሶ መዝጋቱም እውነት ነው፤ ያስዘጋሁት ደግሞ እኔ ነኝ። ሁለቱንም ጻፊ አልኳት። ደምሴ ተነስቶ መስኮቱ ጋ ቆመ፤ ርጥቡን ሣር ያይ ነበር። ሶልያና ጣቶቿን ቁልፎቹ ላይ አድርጋ ስንት ጊዜ ቆዩ ብላ እንደምትጽፍ ጠየቀችኝ።

“ክረምቱን ሙሉ የሚለውን ደሊት አድርጊው” አልኳት። “ሃያ ሁለት ቀን በይ። ከሥሩ የአህያዋንም ጻፊ። እሷ አሥራ አንድ ዓመት ኖራለች።”