የቴሌቪዥኑ አባቴ

የትወና የመጀመሪያ ዓመታቴን ሻይ ሳቀርብ ነው የጨረስኩት። የከሚሴ አነጋገሬን የሰማ አዘጋጅ ሁሉ ትሪ ያስይዘኛል። «አቤት እትዬ» እላለሁ፣ በር እዘጋለሁ፣ በቃ። በኋላ አንዱ ተሳስቶም ይሁን ተቸግሮ በተከታታይ ድራማ ሙሽራ አደረገኝ።

ሰርጉ በቴሌቪዥን ከታየ በኋላ ለዒድ ከሚሴ ገባሁ። የባጃጁ ሾፌር «እንኳን ደስ ያለሽ! ባልሽን የት ጣልሽው?» አለኝ።

«ድራማ እኮ ነው።»

«እሱማ ድራማ ነው። ግን ሰውዬው ደህና ነው?»

ምን ይባላል! ደህና ነው አልኩት።

ቤት ስደርስ ግን ጨዋታ አልነበረም። አባቴ ሰንበቴ ገበያ ከብት የሚነግድ፣ ነገር የማያበዛ ሰው ነው። ተዋናይ ልሁን ስለው እንኳ «ኸይር ያርገው» ብሎ ነው የሸኘኝ። አሁን ሰላምታዬን በግማሽ ተቀብሎ ፊቱን ወደ ግድግዳው አዞረ። እናቴን ምን ሆኗል አልኳት።

«ተቀይሞሻል። ከሰርጉ ወዲህ ስምሽንም አላነሳ።»

ወላሂ ክው አልኩ። አባቴ ተቀይሞኝ አያውቅም። አጠገቡ ቁጭ ብዬ «አባ፣ ኒካሁ እኮ የውሸት ነው» አልኩት።

«የውሸት መሆኑንማ አውቃለሁ። ቃዲ የለ፣ የሚድር ወሊይ የለ፣ የምን ኒካህ! እኔ የምለው ስለ ሰውዬው ነው።»

«ስለ ባልየው?»

«ስለ አባትየው!»

ለካ ነገሩ ወዲህ ነው። በድራማው አባቴን ሆኖ የሠራው ባለ ሱፍ ሰውዬ ደጃፍ ቆሞ መርቆ ድሮኛል። አባቴ ይህን ያየው ሻይ ቤት ከጎረቤቶቹ ጋር ተቀምጦ ነው።

«እኔ በሕይወት እያለሁ!» አለ። «ደግሞ አነጋገሩ! እንደ ዜና ነው ያነበበው። እኔ በሬ ስሸጥ እንኳ ከዚያ ሰውዬ የበለጠ ይከፋኛል።»

ሰውዬው ያን ምርቃት ሲጨርስ አዘጋጁ አጨብጭቦለት ነበር። ይህን አልነገርኩትም።

«እሺ፣ አንተ ብትሆን እንዴት ትል ነበር?»

«ተነሺ» አለኝ። ተነሳሁ። ሽርጡን አስተካክሎ በሩ ላይ ቆመ። እናቴ ሳቋን በሻሿ አፈነች።

«ኢንተላ ኮ» አለ፣ በኦሮምኛ ልጄ ማለቱ ነው። «ነጋን ገሊ። በሰላም ግቢ። አንቺ ከወጣሽ ወዲህ ይሄ ቤት…»

አልጨረሰውም። ሽርጡን እንደገና አስተካከለ፣ የእናቴም ሳቅ ቆመ።

ቀጥሎ የኔ ተራ ነበር። የምለው «አሚን፣ አባ» ብቻ ነው። ንግግር ሸምድጄ ነው እንጀራ የምበላው፤ ሁለቷ ቃል ጠፋችኝ።