ግራ እግር

ከመካነ ኢየሱስ ወደ ደብረ ታቦር በሚሄደው አውቶቡስ ውስጥ መስኮቱ ሥር የተቀመጠው ሰው የማንንም ሰላምታ አልመለሰም። አንገቱ ላይ የጠመጠመው ሻርፕ ከውጭ የመጣ ነው፤ የጫማው ሶል ግን አልቆ ጨርቅ መስሏል። ጭኑ ላይ ባሮክ በሚባለው የአውሮፓ ሙዚቃ ዘመን ስለተደረሰ የኦርጋን ሙዚቃ የጻፈው ወፍራም ጥናት ከነኖታው ተዘርግቷል። ዓይኑን ከኖታው ሳይነቅል በሁለት እግሮቹ ወለሉን ይረግጣል፤ አልፎ አልፎም የፊቱን ወንበር ይመታል።

“ኧረ እግርህን ሰብስብ! ውቂያ ላይ ነህ እንዴ?” አለች ከፊቱ የተቀመጠች ሰፊያ የምትባል ነጋዴ።

“ስልክሽ ውስጥ የሚጮኸው ዘፈን ሁሉ የተማረው ከዚህ ሙዚቃ ነው። የፈረንጅ ቤተ ክርስቲያን ኦርጋን በእጅም በእግርም ይመታል። ከሁለት ሳምንት በኋላ ጀርመን ሄጄ በፈታኞቼ ፊት ካልተጫወትኩ የአሥር ዓመት ጥናቴ ገደል ገባ። አንቺ ምን ይገባሻል!”

ሰዲቅ የሚባሉ አዛውንት ሸማኔ ከጎኑ ተቀምጠው ከመነሻው ጀምሮ እግሮቹን ሲያዩ ቆይተዋል።

“ግራህ ይዘገያል” አሉት።

“አንተ ደግሞ ስለ ኦርጋን ምን ታውቃለህ?”

“ስለ እሱስ አላውቅም። እኔም አርባ ዓመት በእጄም በእግሬም ሠርቻለሁ። እንዲህ ብዘገይ መወርወሪያው ክሩን ይበጥስብኝ ነበር።”

ሰውዬው ፊቱን ወደ መስኮቱ አዞረ። ከዚያ እስከ ደብረ ታቦር ድረስ ግን ቀኝ እግሩን ወንበሩ ሥር ሰብስቦ ወለሉን የረገጠው በግራው ብቻ ነበር።