ጀሞ ላይ ድንኳን አላስተክልም

ማራቶን ያሸነፍኩ ጊዜ የጀሞ ጎረቤቶቼ ከአስፋልቱ እስከ ብሎካችን ድረስ በጭፈራ ወሰዱኝ። የብሎኩ ኮሚቴ ሰብሳቢ፣ ጡረታ የወጡ ሽማግሌ ናቸው፣ ግንባሬን ስመው "አንቺ የሁላችንም ልጅ ነሽ" አሉኝ። አለቀስኩ። ያኔ አምኛቸው ነበር።

ብዙም ሳይቆይ ጦርነቱ ተጀመረ። የተወለድኩት ሰሜን ነው፤ ውጊያው የፈነዳበት አገር። እናቴና ታናሽ ወንድሜ እዚያው ነበሩ። የዚያ አገር ስልክ ሲቋረጥ መጀመሪያ የኔ ቀፎ የተበላሸ መስሎኝ ነበር። በኋላ የአገሬ ልጆች ሁሉ እንደኔ እየደወሉ እንደሚውሉ ሰማሁ። ደንበኛውን ማግኘት አይቻልም የምትለውን ሴትዮ ድምፅ እስከ ዛሬ እጠላዋለሁ።

ልምምዴን አላቆምኩም። ሩጫ እንጀራዬ ነው፤ ደግሞስ ቤት ቁጭ ብዬ ምን ላስብ? የክለባችን ሰርቪስ በየማለዳው ጀሞ መንገድ ዳር ያነሳኛል። ስገባ ወሬው ይቆማል። ሬዲዮው ስለ ግንባር ማውራት ሲጀምር ሾፌሩ ድምፁን ከፍ ያደርግና በስፖኪዮው ያየኛል። ከጎኔ የሚቀመጥ ሰው ጠፋ።

ከሁሉም የባሰብኝ የልምምድ ጓደኛዬ ናት። ከደቡብ የመጣች ጴንጤ ናት፤ ዳገት ላይ ትንፋሽ ሲያጥረኝ "አይዞሽ፣ ጌታ አለ" እያለች ስንቱን ኪሎ ሜትር አብራኝ ሮጣለች። አንድ ጠዋት ሰውነታችንን እያፍታታን ሳለ ቀና ሳትል ከዛሬ ጀምሮ ከሌሎቹ ጋር እንደምትሮጥ ነገረችኝ።

"ምን አደረግኩሽ?" አልኳት።

"ምንም። ወንድሜ ዘምቷል። ካንቺ ጋር ሲያዩኝ ሰው ምን ይለኛል?"

ወንድሟ መዝመቱን ገና ያን ቀን መስማቴ ነበር። እግዜር ያውጣው እንድላት እንኳን ጊዜ አልሰጠችኝም፤ የጫማዋን ማሰሪያ አጥብቃ ሄደች።

አንድ ከሰዓት በኋላ ልብስ ሳጥብ በሬ ተንኳኳ። ሰብሳቢው ሁለት ፖሊሶች አስከትለው ቆመዋል። ፍተሻ ነው አሉኝ። የብሎኩ ነዋሪ ሁሉ የሚፈተሽ መስሎኝ ነበር፤ የተፈተሸው የኔ ቤት ብቻ መሆኑን የሰማሁት በኋላ ነው። ፍራሼን ገለበጡ፣ የሽሮውን ጣሳ ሳይቀር ከፍተው አዩ። ከዚያ አንደኛው ስልኬን ሲያገላብጥ የሮጥኩትን ከሚመዘግበው የእጅ ሰዓቴ የሚገባውን ካርታ አገኘ። ከጀሞ ወደ ላፍቶ፣ ከላፍቶ ወደ ሀይሌ ጋርመንት የሮጥኩበት መንገድ በቀይ መስመር ተሥሎበታል።

"ይሄ ምንድን ነው?"

"የሮጥኩበት መንገድ ነው።"

"ለማን ነው የምትልኪው?"

"ለአሰልጣኜ።"

ፖሊሱ አላመነኝም። ወደ ሰብሳቢው ዞሮ ያውቋት እንደሆነ ጠየቃቸው። በዚያች ሰዓት አንድ ቃል ይበቃኝ ነበር።

"የምትኖረው እዚህ ነው" አሉ ሽማግሌው። "ውስጧን ግን እኔ በምን አውቃለሁ?"

ደረጃውን ይዘውኝ ሲወርዱ ጎረቤቶቼ በየበራቸው ቆመው አዩኝ። አንዷ ልጇን ወደ ውስጥ ሳበች። ጣቢያ ውስጥ እንደኔ ከተያዙ ሴቶች ጋር ሲሚንቶ ላይ ሰነበትኩ። እግሬን ላፍታታ ስነሳ ጠባቂዋ የት ልትሮጪ ነው እያለች ትስቅብኛለች። ያስፈታኝ አሰልጣኜ ነው፤ ሰዓቱ ምን እንደሚሠራ ለማስረዳት ስንቴ እንደተመላለሰ እሱ ያውቃል። እኔን ለቀቁኝ፣ ሰዓቱ ግን እዚያው ቀረ።

እንደተፈታሁ ለውጭ ውድድር ማጣሪያ ገባሁ። ከመሮጫ ሜዳው አጥር ጀርባ የቆሙ ሰዎች ስሜን ትተው ዘሬን እየጠሩ ይሰድቡኛል። በየዙሩ እዚያ ቦታ ስደርስ ይጮኹብኛል። ሩጫን ወድጄ የሮጥኩበት ዘመን ነበረኝ፤ ያን ቀን የሮጥኩት ግን በጥላቻ ነው። አንደኛ ወጣሁ። አሰልጣኜ ሊያቅፈኝ ሲመጣ ገፋሁት። እሱ ምን አጠፋ? ግን የማንም እጅ እንዲነካኝ አልፈለግኩም።

ስልኩ የተከፈተው ተኩሱ ከቆመ በኋላ ነው። ወንድሜ ድምፁ ጎርንኖ ሌላ ሰው መስሎኝ ነበር። እማዬን አቅርብልኝ አልኩት። ባለፈው ክረምት ማረፏን ነገረኝ። ስኳር ነበረባት፤ መድኃኒቷ አልቆ የሚገዛበት ጠፋ። እኔ እዚህ ዝናብ ላይ ስሮጥ እሷ አፈር ለብሳ ነበር።

ጩኸቴን ብሎኩ ሁሉ ሰማ። በማግስቱ ሰብሳቢው ጋቢያቸውን ደርበው መጡ፤ የእድሩም ዳኛ እሳቸው ናቸው። ድንኳኑ ወዴት በኩል ይተከል ሲሉ ጠየቁኝ።

"ጀሞ ላይ ድንኳን አላስተክልም" አልኳቸው።

"ተይ ልጄ፣ ወግ ነው። በሙት እልህ አይጋቡም።"

"ያን ቀን ያውቋታል ወይ ሲባሉ በምን አውቃለሁ አሉ። የማያውቁት ሰው እናት አታስለቅስዎትም።"

ሌላ ነገር ሊሉ ሲሉ በሩን ዘጋሁባቸው። ዝና አናቷ ላይ ወጣ ተብዬ ታማሁ። ቢፈልጉ በሐሜታቸው ይሙቱ።

ልቅሶ የተቀመጥኩት ጎፋ፣ አክስቴ ቤት ነው። ከመጡት ጥቂት ሰዎች አንዷ ያቺ የልምምድ ጓደኛዬ ነበረች። ጥቁር ለብሳ በሩ አጠገብ ተቀመጠች። አክስቴ ተነሽ ሳሚያት ብትለኝም አልተነሳሁም። ጥቁሩ ለኔ እናት መስሎኝ ነበር፤ የወንድሟ መርዶ የመጣው ከኔ መርዶ በፊት መሆኑን ከሄደች በኋላ ነገሩኝ።

ከልቅሶው በኋላ ጀሞን ለቅቄ ጎፋ ቤት ተከራየሁ። አንድ ማለዳ በሩን ስከፍት ጓደኛዬ የሩጫ ልብሷን ለብሳ ውጭ ቆማለች። እንሩጥ ወይ አለችኝ። ይቅር አላልኳትም፣ እሷም ይቅርታ አልጠየቀችኝም። ወጣን። ዳገቱ ሲጀምር ጥያት ልሄድ ፍጥነት ጨመርኩ። ትንፋሿ ሲቆራረጥ፣ ከዚያም ከኋላዬ ስታለቅስ ሰማኋት። ዞር አላልኩም። ከዚያ በላይ ግን አልጨመርኩም።