ሽማግሌ የማያስቀምጥ ሳሎን

ወሰን ሰፈር፣ ከጋራዦቹ ጀርባ ያለውን የጋሽ ነጅመዲንን ሳሎን «ሳሎን» ብሎ የሚጠራ ሰው ካለ ገብቶ አላየውም። ጡረተኛው መካኒክ የሞተ ባትሪውን፣ ክዳን አልባ ጀሪካኑን፣ የስንት ዓመት ጋዜጣውን እስከ ጣሪያ ቆልለውታል። መተላለፊያው በጎን ነው፤ ያውም ለቀጭን ሰው። ሰፈሩ ጠዋት ብሎን ሊለምናቸው ይመጣል፣ ከሰዓት «ቆሻሻው ሽማግሌ» እያለ ይስቅባቸዋል። አይ ሰፈር!

ልጃቸው ሀውላ ግን ከሰፈሩም ትብስ ነበር። አያት ሰፈር ያለ አንድ ሐኪም ስታማክር፣ «ስንፍናም ስስትም አይደለም፤ ዕቃ መጣል የሚያስጨንቅ ሕመም ነው። ይታከማል፤ በግድ መጥረግ ግን ያባብሰዋል» አላት።

«ሕመም!» ብላ አሽሟጠጠች። «ሥራ ፈት ሐኪም! ለዝርክርክነት ስም ያወጣል!»

አብራር የሚባለው እጮኛዋ እሁድ ሽማግሌ ሊልክ ሆነ። ሀውላ ሳምንቱን ሙሉ ለመነች፣ ጮኸች። «አባ፣ ሦስት ሰው ማስቀመጫ ብቻ!» «እሺ ልጄ» ይላሉ፤ አንዱን ጀሪካን ያነሳሉ፣ ያገላብጡታል፣ እጃቸው እየተንቀጠቀጠ እዚያው ይመልሱታል። ትዳሯ በጀሪካን ሊቀር ነው! አረረች፣ ተቃጠለች።

ሽማግሌዎቹ በሰዓቱ መጡ። ሀጂ ቶፊቅ ከፊት፣ ሁለቱ ከኋላ ሆነው በሩ ላይ ቆሙ። ወጉ ነው፤ ባለቤቱ «ተቀመጡ» እስኪል ሽማግሌ ይቆማል፣ ካላለ ደግሞ እምቢ ማለቱ ነው። ጋሽ ነጅመዲን የት ተቀመጡ ይበሉ? ቁልሉን ዞረው አዩት፤ «ተቀመጡ» ሳይሉ ቀሩ።

«ካልፈቀዱ ኸይር ነው» አሉ ሀጂ ቶፊቅ፤ ቁልቁለቱን ተያያዙት።

«አባ፣ ጉድ ሠሩኝ!» እያለች ሀውላ ከጓዳ ስትወጣ ሳሎኑ ተንኮታኮተ። አባቷ ቁልሉን ደርምሰው፣ ጋዜጣው በላያቸው እየወረደ፣ ከሥሩ አንድ ወንበር ጎትተው አወጡ። አቅፈውት ወደ ታክሲ መያዣው ሮጡ። ሰፈሩ ስልኩን አውጥቶ ይቀርፃል፤ ያ ሁሉ ብሎን ለማኝ!

«ይቀመጡ! በአላህ ይቀመጡ!» ይላሉ ሀጂ ቶፊቅን፣ እያለቀሱ።

ሀውላ ተከትላ ደረሰች። በሐፍረት ነደደች፤ ከዚያ የአባቷን እጅ አየች። ጀሪካኑን እንደያዘ ጊዜ፣ ወንበሩ ላይም ይንቀጠቀጣል።

«እምቢ አላሉም» አለች፣ ሰው ሁሉ እየሰማ። «አባቴ ታመው ነው። ዕቃ መጣል አይችሉም። ቤታችን መቀመጫ የለም።»

ሀጂ ቶፊቅ ሚኒባሶቹ መሃል ቁጭ አሉ። ጉዳያቸውን ተናገሩ፣ ጋሽ ነጅመዲን ፈቀዱ፣ ዱዓ ተደረገ። ሀጂ ሊሄዱ ሲነሱ ጋሽ ነጅመዲን ወንበሩን ላፍ አደረጉት።

«ልጄን ሰጥቻለሁ፤ ወንበሩን ግን አልሰጥም!»

ሰፈሩ በሳቅ ፈነዳ። ሀውላ አልሳቀችም። ወንበሩን ከአባቷ ጋር ይዛ ዳገቱን ወጣች፤ የት እንደነበር ጠይቃ እዚያው መለሰችው። ሰኞ ጠዋት ያንን ሥራ ፈት ሐኪም ፍለጋ ወደ አያት ተሳፈረች።