ፊልሙ ላይ የሌለው ሩጫ

ባለፈው የካቲት፣ በረዶው የኮለምበስን መንገድ በዘጋበት ሰሞን፣ የልጄ ልጅ ሐናን ላፕቶፗን ታቅፋ ሳሎን መጣችና አጠገቤ ተቀመጠች። አሥራ ስድስት ዓመቷ ነው። በኮሮናው ምክንያት የምትማረው ከቤት ስለነበር ውሎዋ መኝታ ቤቷ ነው፤ ሳሎን ብቅ ማለቷ ራሱ እንደ ዘመድ ጥየቃ ይቆጠር ነበር።

"አባባ፣ ዱ ዩ ዋና ዋች ኤ ሙቪ? ኢትስ ፎር ሂስትሪ ክላስ።"

"የምን ፊልም ነው?"

"ኤንሸንት ግሪስ። ኦሊምፒክስ ኤንድ ስተፍ። ምኑ ፌክ እንደሆነ መጻፍ አለብኝ።"

ገና ሲጀምር አወቅሁት። ከሃምሳ ዓመት በፊት ደሴ ያየሁት፣ ጣሊያኖች የሠሩት ፊልም ነው። ያ ደረቱ በዘይት የሚያብረቀርቅ ጎረምሳ፣ ያ ነጭ አጭር ቀሚስ፣ ያ ማን እንደሚነፋው የማይታይ መለከት። ሐናን በየደቂቃው እያቆመች ትጽፋለች። ግሪኮቹ የሚወዳደሩት ራቁታቸውን ነበር፤ ፊልሙ ሁሉንም አልብሷቸዋል። መሮጫው ተራ የአፈር ሜዳ ነበር፤ ፊልሙ እብነ በረድ ደርድሮበታል። ለሁለተኛ የሚሰጥ ምንም ነገር አልነበረም፤ በፊልሙ ግን አሸናፊው ተሸናፊውን ከወደቀበት አንስቶ ያቅፈዋል፣ ሕዝቡም ለሁለቱም ያጨበጭባል። እኔ ደግሞ የታዘብኩት ሌላ ነው። በፊልም ግሪክ ውስጥ ቀጭን ሰው የለም። ሯጩም፣ ታጋዩም፣ ዳኛው ሳይቀር በሬ በሬ ያክላሉ። እንዲያ ያለ ሰው ገና ሳይሞቀው ትንፋሹ እንደሚያልቅ አውቃለሁ፤ ሮጫለሁና።

የምጠብቀው ግን አንድ ቦታ ነበር። ከሯጮቹ ሁሉ ፈጣኑ የነሐስ ጋሻና ጥሩር ተሸክሞ እንዲሮጥ የሚታዘዝበትን፣ ተሸክሞም የሚያሸንፍበትን። "ቆይ፣ አሁን ይመጣል" አልኳት ሁለት ጊዜ። ፊልሙ አለቀ። ወደ ኋላ አስመለስኳት። ሩጫው አለ፤ ሁሉም ግን ባዶ እጃቸውን ነው የሚሮጡት።

ሐናን ስልኳን ነካክታ፣ "አክቹዋሊ፣ በጋሻ ይሮጡ ነበር፤ ዳት ፓርት ኢዝ ሪል" አለችኝ። "ባት ኤቭሪባዲ ኬሪድ ዋን፣ አባባ። ሁሉም ነው የሚሸከመው። ናት ጀስት ዘ ፋስት ጋይ።"

ሂተሩ እየሠራ በረደኝ። ፊልሙ ላይ አየሁት ብዬ ሃምሳ ዓመት የተናገርኩት ነገር ፊልሙ ላይ የለም።

እኔ በልጅነቴ ፊልም ነጋሪ ነበርኩ። አባቴ የእህል መደብር ስለነበረው እሁድ እሁድ የሲኒማ ሳንቲም አላጣም። ጓደኞቼ ግን አብዛኞቹ አይገቡም። ስለዚህ አንዱ ገብቶ ያያል፣ ሰኞ ከትምህርት በኋላ ከጦሳ ተራራ ግርጌ ተሰብስበን ላላዩት ይነግራል። ጥሩ ነጋሪ ክብር ነበረው። በቆሎ ይጠበስለታል፣ በለስ ይላጥለታል፣ ከፍ ያለው ድንጋይ ላይ ይቀመጣል። ፊልሙ የሚያወራው በጣሊያንኛ ነው፤ የእኔ ጣሊያንኛ ደግሞ ከ"ባስታ" አያልፍም። የጎደለውን ከራሴ እሞላለሁ። ይህን ሁሉም ያውቃል ብዬ አስብ ነበር። አያውቁም ነበር፤ ያምኑኝ ነበር።

ከአድማጮቼ ሁሉ የቅርቤ ሰይድ ይማም ነበር። አባቱ ጋሽ ይማም ወዛደር ናቸው፤ ከጭነት መኪና ወደ አባቴ መደብር ኩንታል የሚያወርዱት እሳቸው ነበሩ። ሰይድ ረጅም፣ ቀጭን፣ ቃል የሚቆጥብ ልጅ ነው። ሲሮጥ እግሩ መሬት በመንካቱ የሚያፍር ይመስል ነበር። እሱ አንደኛ፣ እኔ ሁለተኛ። ሁልጊዜ እኔ ሁለተኛ። ሁለተኛነት ምን እንደሆነ የማያውቅ ሰው ቀላል ነገር ይመስለዋል። ጀርባ እያየህ መኖር ነው።

መስከረም ላይ የስፖርት አስተማሪያችን በጥቅምት አዲስ አበባ ለሚደረግ የትምህርት ቤቶች ውድድር ከእኛ አንድ ሯጭ ብቻ እንደሚላክ ነገረን። ማን እንደሚሄድ መጠየቅም አላስፈለገም። ሰይድን ለብቻው ጠርቶ፣ እዚያ ደህና ከሮጠ አዳሪ ትምህርት ቤት ሊገባ እንደሚችል ነገረው። ሰይድ ይህን የነገረው ለእኔ ብቻ ነው። "ካልሆነ ያሳፍራል፤ ለማንም እንዳትል" አለኝ። ለማንም አላልኩም። ይልቅስ ሌላ ነገር አሰብኩ።

በዚያው እሁድ ነው ያንን ፊልም ያየሁት። ነገሩ ድንገት ከአፌ አመለጠ ብል ደስ ይለኝ ነበር። አላመለጠም። ከሲኒማ ቤቱ እስከ ቤታችን መንገዱን ሁሉ እያሰብኩበት ሄጃለሁ። ሰኞ ድንጋዬ ላይ ወጥቼ ስለ ታጋዮቹ፣ ስለ ፈረሶቹ ነገርኳቸውና ድምፄን ዝቅ አደረግሁ።

"ንጉሡ ተነሣና 'ከሁሉ ፈጣኑ ማነው?' አለ። አክተሩ ብቻውን ወጣ። ነሐስ አሸከሙት። 'ባዶውን ማንም ይሮጣል፤ ተሸክሞ ያሸነፈ ነው ወንድ' አለ ንጉሡ።"

በእኛ ሰፈር አክተር ማለት የፊልሙ ጀግና ነው። አክተር አይሞትም፣ አክተር አይሸነፍም። ልጆቹ ዓይናቸው ፈጠጠ። "እኛም እናድርገው" ያለው ሌላ ልጅ ነው፤ እኔ እንዳልሆንኩ ለብዙ ዓመት እንደ መከላከያ ይዤው ኖሬአለሁ።

ሐሙስ ከአባቴ መደብር ሁለት የሚዛን ብረት በጆንያ አድርጌ አመጣሁ፤ እያንዳንዱ አሥር ኪሎ ነው። ዝናቡ ገና አላባራም፤ ቁልቁለቱ ጭቃ ነበር። ሰይድ ጆንያውን አየና "ውድድር አለብኝ፤ እኔ ይቅርብኝ" አለ።

ያኔ ነው ያልኩት። "ምን ያስፈራሃል? መሸከም እንደሆነ ከአባትህ ወርሰኸዋል።"

ሳቁ። አንዱማ የጋሽ ይማምን አረማመድ፣ ያንን ጉልበታቸው እየተንቀጠቀጠ አንገታቸውን ወደፊት የሚያደርጉትን፣ እየዞረ አሳየ። እኔም ሳቅሁ። ሰይድ አልተሳደበም። ጆንያውን አንስቶ በገመድ ጀርባው ላይ አሰረና መነሻው ላይ ቆመ።

እግዜር ያሳያችሁ፣ ያንን ብረት ተሸክሞም ይመራን ነበር። እስከ መሐል መንገድ የማየው ጀርባውን ነው፣ ጆንያው ጀርባው ላይ ሲዘል። ከዚያ ቦይ ነበር። ሰይድ ዘለለ፤ ብረቱ በአየር ላይ ወደ አንድ ጎን ጎተተውና ጉልበቱ ተጠምዝዞ አረፈ። ደረቅ እንጨት ሲሰበር የሚሰማው ዓይነት ድምፅ ሰማሁ። ሰማሁ፣ ዞሬም አየሁት፣ አለፍኩት። መጨረሻው ላይ ደርሼ ሁለት እጄን አነሣሁ። ልጆቹ ከወይራ ቅጠል የጎነጎኑት አክሊል ነበር፤ ይህ እንኳ ከፊልሙ የተወሰደ እውነት ነው። አናቴ ላይ ደፉልኝ። የሰይድ ጩኸት የተሰማው ከዚያ በኋላ ነው፤ ወይም እኔ መስማት የፈቀድኩት ያኔ ነው።

ጋሽ ይማምን ከገበያ ጠርተዋቸው መጡ። ብረቱን አዩት፤ በየቀኑ የሚያዩት የመደብራችን የሚዛን ብረት ነው።

"ይሄ ምንድን ነው ልጄ?" አሉኝ።

"ፊልም ላይ ያለ ጨዋታ ነው ጋሽ ይማም። ግሪኮች እንዲህ ያደርጋሉ።"

ልጃቸውን ኩንታል በሚያዝሉበት ጀርባቸው አዝለው ወጌሻ ቤት ወሰዱት። ወጌሻው አሸ፣ ጎተተ፣ በቀርከሃ አሰረ። ጉልበቱ ተጣሞ ገጠመ። በጥቅምት አዲስ አበባ የሄድኩት እኔ ነኝ። ከአሥራ አንድ ሯጮች ዘጠነኛ ወጣሁ። ከዚያ በኋላ ሮጬ አላውቅም።

ሰይድ ከብዙ ዓመት በኋላ በልጁ በኩል እዚህ መጣ። ክሊቭላንድ አቬኑ ዳር አፓርትመንት ውስጥ ይኖራል፤ ጡረታ እስኪወጣ መኪና ማቆሚያ ነበር የሚሠራው። ሰው በተሰበሰበበት ስለ እግሩ ሲጠየቅ ቀድሜ የምመልሰው እኔ ነበርኩ። "ግሪኮች ናቸው የሰበሩት" እልና ታሪኩን አወራለሁ፤ ቤቱ ይስቃል፣ ሰይድም ፈገግ ይላል። ውሸት ሲደጋገም እውነት ይመስላል ይባላል። የእኔው ግን ቀለምና ሙዚቃ ሁሉ አውጥቶ፣ የንጉሡ ጣት እንኳ ይታየኝ ነበር። ውሸቴ መሆኑን መቼ እንደረሳሁ አላውቅም።

ረመዳን ሊገባ ሳምንት ሲቀረው፣ እንደ አገራችን ደንብ ሰው አፉ የሚባባልበት፣ ይቅር የሚባባልበት ሰሞን፣ ቴምር ይዤ ሄድኩ። በሩን ከፈተ። ማስኬን እንዳደረግሁ ኮሪደሩ ላይ ቆምኩ።

"ሰይድ፣ ያንን ፊልም አየሁት። ሸክሙ የለም። እኔ ነኝ የፈጠርኩት። አውቄ ነው፤ እንድትሸነፍ ብዬ።"

በሩን ተደገፈ። "እንደሌለ አውቃለሁ" አለኝ።

"ከመቼ ጀምሮ?"

"እግሬ በታሰረ በሳምንቱ አባቴ አዝሎ ሲኒማ ቤት ወሰደኝ። በዕድሜው ገብቶ አያውቅም። ልጄን ምን እንዳደረጉት ልይ ብሎ ነው። ዓይኑን ሳይነቅል እስከ መጨረሻው ጠበቀ። መብራት ሲበራ፣ 'የተሸከመው የቱ ነው?' አለኝ።"

"ምን አልከው?"

"ቦታውን ከፊልሙ ቆርጠውት ነው አልኩት። እውነቱን ብነግረው አባትህ ጋ ይሄዳል። በማግስቱ ማን ጭነት ይሰጠዋል?"

"አመነህ?"

"ምን ያምናል። ስለ እሱ ያልከውንም ሰምቷል፤ ልጆቹ ገበያ ውስጥ እየደጋገሙ ይስቁበት ነበር። ግን አንተን ባየ ቁጥር ሰላም ይልህ አልነበር?"

ይሉኝ ነበር። ኩንታሉ ትከሻቸው ላይ እያለ እንኳ ቀና ለማለት እየሞከሩ፣ "ደህና ዋልክ ልጄ" ይሉኝ ነበር። እኔም እንደ ባለሱቅ ልጅ እመልስ ነበር።

"አፉ በለኝ" አልኩት።

"የራሴን ድሮ አፉ ብያለሁ። ባልል አብሬህ አልቀመጥም ነበር። የአባቴ ሐቅ ግን የአባቴ ነው፤ እኔ ልሰጥህ አልችልም።" ቴምሩን ተቀበለኝ። "ግባ፣ ብርድ ይገባል" አለኝ።

ገባሁ። ከዚያ ወዲህም ጁምዓ ጁምዓ መስጊድ የማደርሰው እኔ ነኝ፤ እግሩን እንዲዘረጋ ወንበሩን ወደ ኋላ እገፋለታለሁ፣ ስለ ዋጋ ንረትና ስለ ልጆቻችን እናወራለን። በሟቹ በጋሽ ይማም ስም ሰደቃ እሰጣለሁ። ሼሁን ጠይቄአቸው፣ ስጥ፣ አታቋርጥ፣ የሰው ሐቅ ግን ባለቤቱን ይጠብቃል አሉኝ። ሰባን እየተጠጋሁ ነው። ከጋሽ ይማም ጋር በወዲያኛው ዓለም የምንገናኝበት ጊዜ ሩቅ አይደለም። ተቆጥተው ቢጠብቁኝ እሸከመዋለሁ። የምፈራው እንደ ልማዳቸው ቀድመው ሰላም ያሉኝ እንደሆነ ነው።