የሮሟ እቴጌ ሹሩባ

«ሴት ቢያውቅ በወንድ ያልቅ» የምትለዋን ተረት ወንድሜ እንደ ጸሎት ይወዳታል። ያን ቀን ከዋጫ ድረስ በሚኒባስ ተንገላቶ መጥቶ፣ ቦንጋ ገበያው ጥግ ያለችው ፀጉር ቤቴ በር ላይ ቆሞ፣ ደንበኛዬ እየሰማች ተረተብኝ። አስከትሎም «ሲኦሲውን ወድቀሻል አሉ። ሲኦሲ ከሌለሽ ፈቃድሽ አይታደስም፤ ቤቱ ይዘጋል። ሲዘጋ ዕቃሽን ጠቅልለሽ ባልሽ ቤት ትመለሻለሽ። አለቀ» አለኝ።

«አላለቀም ጋሼ» አልኩት። ታላቄ ስለሆነ ጋሼ እለዋለሁ እንጂ በዚያች ሰዓት አፌ ላይ የመጣው ሌላ ነበር።

ሲኦሲ የሚሉት የሙያ ብቃት ምዘና ነው። ያኔ በእጁ ሠርቶ የሚያድር ሁሉ ተፈትኖ ወረቀት ማምጣት አለበት ተባለ። እኔ ስድስት ዓመት ፀጉር ሠርቻለሁ፤ የስንቷን ሙሽራ ፀጉር ሠርቼ ድሬያለሁ። የወደቅኩት በጽሑፉ ነው። የሻምፑ ፒኤች ስንት ነው ይላል! አሥረኛ ክፍል ላይ የቀረሁ ሴት ነኝ፤ ሻምፑው ዐይን እንዳያቃጥል አደርጋለሁ እንጂ ፒኤቹን ማን ነግሮኝ? አንድ ዕድል ቀረኝ። እሱም ፈቃዴ የሚያበቃበት ወር መጨረሻ ላይ ነበር።

ባሌ ቤት ለምን እንደማልመለስ ለሚጠይቀኝ ሰው መልሴ አጭር ነው። እፈራው ነበር። የሞተር ሳይክሉ ድምፅ ከሩቅ ሲሰማኝ እጄ ይንቀጠቀጥ ነበር፤ በሚንቀጠቀጥ እጅ ደግሞ ፀጉር አይሠራም። አንድ ቀን በአንዲት ሻንጣ ወጣሁ። ከወጣሁ በኋላ ሆዱን ቢያመው ዘመዶቹ «መድኃኒት አብልታው ነው የሄደችው» አሉ። ዋጫ ሙሉ አወራው። ሆዱን ያመመው የትም ሲጋት የሚያድረው ጠጅ ነው፤ ግን ጠጅ ምላስ የለው፣ ስሜ ጠፋ።

ከደንበኞቼ አንዷ የታሪክ አስተማሪ ነበረች። ከጎጃም ተመድባ የመጣች፣ ፀጉሯ ወገቧን የሚመታ፣ ቅዳሜ ከሰዓት የማትቀር። እሷን ስሠራ እንቅልፍ የሚባል አይወስደኝም፤ ወሬዋ ሁሉ ስለ ነገሥታት ነው። ወንድሜ በመጣ ማግሥት ቅዳሜ ስትመጣ ግን ፊቴን አይታ «ምን ሆነሻል?» አለችኝ። ነገርኳት። «ፒኤቹን እኔ አስጠናሻለሁ፤ ለእሱ አታልቅሺ» አለችና፣ ሐሳቤን ልታስረሳኝ መሰለኝ፣ ከቦርሳዋ ሥዕል ያለበት ትልቅ መጽሐፍ አወጣች።

ሥዕሉ ከድንጋይ የተጠረበ የሴት ጭንቅላት ነው። የጥንት ሮም እቴጌ ናት አለችኝ። ስሟን ነግራኝ ነበር፤ ምላሴ ላይ አልቆም አለ። አፍንጫዋ ተሰብሯል፤ ፀጉሯ ግን አለ። ወይ ፀጉር! ከሥር እየተጎነጎነ መጥቶ፣ ማጅራቷ ላይ እንደ ሰፌድ ዙሩን ይዞ ተጠቅልሏል።

«አፍንጫዋን ማን ሰበረው?» አልኳት።

«ማን ያውቃል። የአንዳንዶቹን ሆን ብለው ነው የሰበሩት። እቴጌዋ ከንጉሡ ከተጣላች ወይም ባሏ ከተገለበጠ ምስሏን በመዶሻ፣ ስሟን በመሮ ያጠፉታል።»

በየቅዳሜው እየቆራረጠች ነገረችኝ። አንዷ የንጉሠ ነገሥት እናት ነበረች። የአገሩ ሽማግሌዎች የሚመክሩበት አዳራሽ ሴት አይገባም፤ እሷ ግን መጋረጃ አስጋርዳ፣ ከኋላው ቆማ ምክሩን ሁሉ ትሰማ ነበር። ልጇ የነገሠው በእሷ ብልሃት ነው፤ ኋላ ያስገደላትም እሱ ነው። ቀደም ብሎ ባሏ ሲሞት ደግሞ «እንጉዳይ ውስጥ መርዝ አድርጋ አበላችው» ብለው ጽፈውባታል።

እጄን ከፀጉሯ ላይ አነሳሁ። «ማን ነው የጻፈው?»

«የዘመኑ ታሪክ ጸሐፊዎች። ከሞተች በኋላ።»

«ወንዶች?»

«ሁሉም።»

«እንደዚያ በይኛ!» አልኳት። «የዋጫ ሰዎች ሮምም ነበሩ ማለት ነው!»

እሷ ሳቀች። እኔ አልሳቅኩም። ምናልባት አብልታው ይሆናል፤ እኔ እንጉዳዩን አልቀመስኩት። ግን የእሷን ቃል የጻፈላት የለም። ቲቸር እንዳለችኝ የእነዚያ ሴቶች ከራሳቸው አፍ የወጣ ወሬ እምብዛም አልተረፈም፤ የተረፈው መልካቸው ነው። በገንዘብ ላይ ምስላቸው ይታተም ነበርና፣ የእቴጌዋ ሹሩባ በሳንቲም ተሳፍሮ አገር ላገር ይዞራል፤ ባሕር ማዶ ያለችው ሴት ሳንቲሙን አይታ እንደዚያው ትሠራለች። ንጉሡ አዋጅ ሲያወጣ ሰው ያጉረመርማል። እቴጌዋ ግን አንድ ቃል ሳትናገር የስንቱን አገር ሴት ጭንቅላት አዘዘች። ይህን ስሰማ አንጀቴ ቅቤ ጠጣ።

«ግን» አለች ቲቸር፣ «ይሄ ሥዕሉ ላይ ያለው የራሷ ፀጉር አይደለም። መጽሐፉ ዊግ ነው ይላል። በራስ ፀጉር እንዲህ አይቆምም ይላሉ ሊቃውንቱ።»

«ሊቃውንቱ ፀጉር ሠርተው ያውቃሉ?»

ሥዕሉን ወደ በሩ ወስጄ በብርሃን አየሁት። ሰፌድ የሰፋች ሴት የምታውቀው ነገር ነው። ዙሩ ወደ ውስጥ ሲገባ አንዱ ጉንጉን ሌላውን በጥቂቱ ይነክሳል፤ በቅቤም በቅባትም ያን አታደርጊውም። «ይሄ ተሰፍቷል» አልኩ። «በመርፌና በክር። እኛ ሂውማን ሄር የሚሉትን ቅጥያ ፀጉር ስንሰፋ እንደምናደርገው፤ የእሷ ግን የገዛ ፀጉሯ እርስ በርሱ ነው የተሰፋው።» መርፌ አነሳሁና የፀጉሯ ቀለም ያለው ክር ሰክቼ፣ ቲቸር ማጅራት ላይ ሦስት ዙር ሰፍቼ አሳየኋት። በመስታወት አይታ «ወይ ጉድ!» አለች፤ ደጋግማ።

የምዘናው ቀን ዝናቡ ቆርቆሮውን ይደበድበዋል። አምስት ተፈታኞች ነበርን፤ ሁላችንም የራሳችንን ሞዴል ይዘን ቀርበናል፤ የእኔ ሞዴል ቲቸር ናት። ጠዋት ጽሑፉን ጻፍን፤ ፒኤቹ መጣ፤ ቲቸር እንዳስጠናችኝ መለስኩት! የተግባሩ ጥያቄ «ለክብረ በዓል የሚሆን፣ ቀኑን ሙሉ ሳይፈታ የሚቆይ ሥራ» ይላል። ገና ካስክ የሚሉትን ማድረቂያና መተኮሻውን ስንሰካ መብራት ጠፋ።

መዛኙ ከሌላ ከተማ የመጣ ሱፍ የለበሰ ሰው ነው። ሰዓቱን አየ። «እስከ ስምንት ሰዓት ካልመጣ ምዘናው ለሌላ ጊዜ ይተላለፋል» አለ። ለእሱ ሌላ ጊዜ ነው፤ ለእኔ የተዘጋ ቤት፣ የዋጫ መንገድ፣ የዚያ ሰውዬ ሞተር ነው።

«እኔ አልጠብቅም» አልኩ። «የእኔ ሥራ መብራት አይፈልግም።»

«ያለ ካስክ ምን ልትሠሪ ነው?»

«ያዩታል።»

ፀጉሩን ከፋፈልኩ፤ ጎነጎንኩ፤ ከማጅራቷ ጀምሬ ጠቀለልኩ። መርፌውን ሳወጣ ከተፈታኞቹ አንዷ «እንዴ! ልትሰፋት ነው?» ብላ ሳቀች። ሌሎቹም ሳቁ። ካፈርኩ አይመልሰኝ ብዬ ሰፋሁ። እጄ አልተንቀጠቀጠም፤ ይህን ራሴም ያየሁት ስጨርስ ነው።

መዛኙ በእስኪብርቶው ጫፍ ሹሩባውን ነካ ነካ አደረገ። «ቆንጆ ነው። ግን እንዲህ ያለ ስታይል ቼክሊስቱ ላይ የለም።»

«ቼክሊስቱ ላይ ያለው ‹ሳይፈታ የሚቆይ› ነው፤ ያንብቡልኝ። ቲቸር፣ ተነሺ ዝለይ!»

ያቺ የተከበረች አስተማሪ ተነሥታ ዘለለች። ዘፈን ቤት እንዳለች ሁሉ ራሷን ወዘወዘች፤ ዝናቡ ውስጥ ወጥታ ግቢውን ሮጣ ተመለሰች። ልብሷ ረጠበ፤ ጫማዋ ጭቃ ሆነ። ከሹሩባው አንዲት ፀጉር አልወጣችም። ቅድም የሳቁት ልጆች አጨበጨቡልኝ።

«ከየት ያመጣሽው ነው?» አለኝ መዛኙ።

«ከሮም።»

«ሮም ሄደሽ ታውቂያለሽ?»

«ከዋጫ ቦንጋ መጥቻለሁ። እሱ ይበቃኛል።»

ፎርሙን አገላበጠ። «ያሠለጠነሽ ሰው የሚል ቦታ አለ። ማን ልበል?»

«የእቴጌዋ ፀጉር ሠሪ። ባሪያ ነበረች መሰለኝ፤ ስሟን የጻፈላት የለም።»

ቀና ብሎ አየኝ። እያሾፍኩበት እንደሆነ ሊያውቅ ፈልጎ ነው። አላሾፍኩም። ለሁለት ወር ሥዕሉን ሳይ የእቴጌዋን ፊት አልነበረም የማየው፤ ከኋላዋ ቆማ መርፌ በጥርሷ የያዘችውን፣ ድንጋዩ ያላወጣትን ሴት ነው። ሊቃውንቱ ዊግ ነው ያሉት እኮ እሷን ረስተው ነው።

«ታዲያ ምን ብዬ ልሙላው?» አለ።

«ባዶውን ይተዉት። እሷ ለምዳዋለች።»

ባዶውን ተወው። ከታች ግን «ብቁ» የሚለው ላይ ምልክት አደረገ፤ በዐይኔ አይቻለሁ። ቲቸርን አቅፌ አለቀስኩ፤ እሷም ርጥብ እንደሆነች አቅፋኝ አለቀሰች።

ወንድሜ የብቃት ወረቀቴ ፀጉር ቤቴ ግድግዳ ላይ ከተሰቀለ በኋላ መጣ። ግድግዳው ሥር ቆሞ እየተንጠራራ አነበበው። ከዚያ ዘወር ብሎ «ባልሽንስ ምን ልበለው?» አለኝ።

«የወንድ ፀጉር አንሠራም በለው።»

ካስክ ሥር ያለችው ሴትዮ ሳቋን መያዝ አቃታት። ወንድሜ ያን ተረት ሊጀምር አፉን ከፈተ፤ ወረቀቱን እንደገና አየና ዘጋው። ቁጭ በል ጋሼ አልኩት፤ ሻይ አዘዝኩለት።

በዚህ ጽሑፍ የማንንም ስም አልጠራሁም። የእቴጌዎቹን ሌሎች ጽፈውላቸዋል፤ ደግሞም ጽፈውባቸዋል። የዚያችን መርፌ የያዘች ሴት ስም ባውቀው ኖሮ መጀመሪያ እሱን እጽፍ ነበር። የእኔንም እዚህ አልጽፈውም። ግድግዳዬ ላይ ማኅተም ተደርጎበት ተሰቅሏል፤ ማወቅ የፈለገ ቦንጋ ይምጣና ያንብበው።