በገርጂ ጉም ውስጥ የአማቴ ስም

በደርግ ጊዜ፣ ክረምቱ ወጥቶ መስከረም እንደገባ፣ ከአማቴ ጋር ከቦሌ ተነስተን ወደ አያት ሄድን። የዛሬ ልጆች «አያትም መንገድ ሆኖ ማስታወሻ ይጻፍለታል?» ብለው ይስቁብኝ ይሆናል። ይሳቁ። ያኔ አያት ገጠር ነበር፤ ገርጂም ማሳና ረግረግ። የሄድነው የአማቴን ወንድም ጋሽ ደምሴን ለመጠየቅ ነው። በሬ ረግጧቸው እግራቸው ተሰብሮ ተኝተው ነበር።

ቤታችን ውስጥ የቀረነው ሁለት ሴቶች ብቻ ነን። ባሌ ጌታሁን፣ የአማቴ አንድ ልጅ፣ ወደ ሰሜን ዘምቶ ወሬው ጠፍቷል። ስለ እሱ አናወራም። እሳቸው እሁድ እሁድ ጫማውን ይወለውላሉ፤ እኔ እንዳላየ ሰው ፊቴን አዞራለሁ።

ከቦሌ ወደ አያት

ታክሲ በስሙኒ መገናኛ ድረስ ያደርሰን ነበር። አማቴ ግን «እግር ያለው ሰው ምን ቆርጦት ይከፍላል?» ብለው በገርጂ በኩል በእግር አስኬዱኝ። ከቀበሌ ሱቅ ተሰልፈን ያገኘናትን ስኳር በመሀረብ ቋጥረው በብብታቸው ይዘዋታል። ከኋላችን አውሮፕላን በተነሳ ቁጥር ነጠላቸውን ጥብቅ ያደርጋሉ፣ የሚነጥቃቸው ይመስል።

ገርጂ ላይ እሸት በቆሎ ከምትጠብስ ሴት ዘንድ አረፍ አልን። ሳንጠይቃት ወሬ ጀመረች።

«ሰሞኑን ረግረጉ ላይ የሚወርደው ጉም ክፉ ነው። ጎረቤቴ ከነአህያው ገብቶ ሲወጣ፣ አህያዋ ቤቷን አወቀች። እሱ ሚስቱን ‹አንቺ የማን ልጅ ነሽ?› አላት።»

«አህያዋ ተሻለች በሉኛ!» አልኩ። አማቴ እስኪያስላቸው ሳቁ። እንደዚያ ሲስቁ ካየሁ ቆይቼ ነበር፤ ደስ አለኝ።

ጋሽ ደምሴ ቤት

ገና ደጃፉን ስንረግጥ ጋሽ ደምሴ ከመደባቸው ላይ ሆነው «ዘርፈሽዋል! መጣሽ?» ብለው ጮኹ። አማቴ እንደ ልጃገረድ አፋቸውን በነጠላ ሸፈኑ። እኔም ደነገጥኩ። ሰፈሩ «የጌታሁን እናት» ይላቸዋል፤ እኔ «እማማ» እላቸዋለሁ። ስም እንዳላቸው ባውቅም ሲጠሩበት ሰምቼ አላውቅም። ስዳር እናቴ አስጠንቅቃኛለች፦ ምራት የአማቷን ስም አትጠራም፤ ከጠራች ነውር ነው።

የገብስ ገንፎ በላን፤ እህትና ወንድም የልጅነታቸውን ሲያነሱ ሲጥሉ አመሹ። በማግስቱ ማለዳ የጋሽ ደምሴ ሚስት ገና የታለበ ወተት በጠርሙስ ሞልተው አስያዙኝ። ትኩስነቱ እጄን ያሞቀኝ ነበር።

«ጉም ከወረደ አንዱ ሌላውን ይጥራ» አሉ ጋሽ ደምሴ። «ግን ወላጅ ባወጣው ስም ነው። ‹እናቴ፣ ልጄ› ማለት አይሆንም። እናቴ የሚላት የሌላት ማን አለች?»

«የእኔን ስም ምራቴ ልትጠራ? ጉድ ፈላ!» አሉ አማቴ። ሁላችንም ሳቅን።

ጉሙ

በመመለሻችን ረግረጉ ጋ ስንደርስ ፀሐይ ወጥታ ነበር። ድንገት ጉሙ ከመሬት ተነስቶ ዋጠን። አልቀዘቀዘኝም። የትምህርት ቤቴ ደጃፍ ላይ ቆሜ ነበር፣ በዩኒፎርም፣ ጸጉሬን እናቴ እንደሠራችኝ። የጠመኔ ሽታ ይሸተኛል። ጌታሁን የሚባል ሰው አላውቅም፤ የምጠብቀውም የለም። ልቤ ቅልል አለኝ፤ እውነቱን ልናገር፣ እዚያው ብቀር ደስታዬ ነበር።

«አልማዝ! አንቺ አልማዝ!»

የአማቴ ድምፅ ነው። ጠርሙሱን እጄ ላይ አየሁት፤ ሁሉም ነገር ከነጭንቀቱ ተመለሰልኝ። «አለሁ!» ብዬ ሳልጨርስ ግን እሳቸው ከአጠገቤ የሉም። ጉሙ ውስጥ ይስቃሉ።

«የኔ ጌታ! ማን እዚህ አመጣህ? ባዶ እግርህን?»

ገባኝ። ልጃቸውን አግኝተውታል።

«እማማ!» ብዬ ተጣራሁ።

«አቤት! መጣሁ ልጄ!» አሉ፤ ድምፃቸው ግን ራቀ።

«እማማ! ኧረ በእመቤቴ! እማማ!»

«መጣሁ አልኩህ እኮ!» አሁንም ራቁ። በጠራሁ ቁጥር እሱ የጠራቸው እየመሰላቸው ወደ እሱ ይሄዳሉ። እየገፋሁ የምሰዳቸው እኔው ነኝ!

ስማቸው ምላሴ ላይ ነበር፤ አልወጣም አለኝ። እናቴ ከፊቴ ቆማ ጣቷን የምትቀስርብኝ መሰለኝ። ከዚያ ባዶ ቤት ብቻዬን ስገባ ታየኝ። ጌታሁን ቢመጣ «እናቴስ?» ሲለኝ ታየኝ።

«ዘርፈሽዋል!» አልኩ። «ዘርፈሽዋል! ዘርፈሽዋል!»

ሳቃቸው ተቋረጠ። «ማነው?» አሉ። የእግራቸው ኮቴ በጭቃው ውስጥ ወደ እኔ መጣ። ነጠላቸው ጠፍቷል፤ ጉንጫቸው ረጥቧል።

«ለምን ጠራሽኝ?» አሉኝ። «እጁን ልይዘው ነበር። የወተት ጥርሱ እንኳ አልተነቀለም። አልማዝ ትጠብቅሃለች ስለው አያውቅሽም።»

እግራቸው ላይ ወደቅሁ። አነሱኝ እንጂ ይቅር አላሉኝም። ገርጂ እስክንደርስ ሁለታችንም እያለቀስን ሄድን።

ቤት

ቦሌ ስንደርስ ጎረቤት ሁሉ ደጅ ወጥቶ ጠበቀን። «ኧረ የት ጠፋችሁ? ከትናንት ወዲያ ትመጣላችሁ ብለን!» አሉን። እኔ ጉሙ ውስጥ የቆየነው ቡና እስኪፈላ ያህል መስሎኝ ነበር። ጠርሙሱን ብከፍተው ወተቱ እርጎ ሆኗል።

አማቴ እርጎውን በሁለት ኩባያ ቀዱት። አንዱን ለእኔ ገፋ አደረጉልኝ።

«እስቲ ድገሚው» አሉ።

«ምኑን እማማ?»

«ስሜን። ከደምሴ በቀር የሚጠራኝ የለም እኮ፤ እኔም ረስቼው ነበር።»

አንገቴን ደፍቼ ደገምኩት። ከዚያ ወዲያ ሰው በሌለበት፣ ሁለታችን ብቻ ስንሆን፣ ዘርፈሽዋል እላቸው ጀመርኩ። ስለ ጌታሁንም ማውራት ጀመርን። እሳቸው ያላየሁትን ልጅ፣ እኔ እሳቸው የማያውቁትን ጎረምሳ እያወራን ብዙ ሳቅን።

ጌታሁን አልተመለሰም። ደርግ ወደቀ፤ ረግረጉ ደረቀ፤ ገርጂ ቤት በቤት ሆነ፤ ጉሙንም ያየው የለም። በስተርጅና ግን አማቴ ሀሳባቸው ይሸሽ ጀመር። ግድግዳውን እያዩ «ባዶ እግርህን?» ይላሉ። ያኔ በስማቸው እጠራቸዋለሁ፤ ይመለሱልኛል። ብዙ ጊዜ መለስኳቸው።

ከዚያ ጉዞ የተማርኩት ይህን ነው፤ ሰው የሚመለስበት ስም አለው፣ የሚሄድበትም አለው። በመጨረሻዋ ቀን ትንፋሻቸው ሲቆራረጥ እጃቸውን ያዝኩ። ስማቸው እንደዚያን ጊዜው ምላሴ ላይ ነበር። ዋጥኩት።

«እማማ» አልኳቸው።

«አቤት» አሉ። «መጣሁ ልጄ።»